የጓሮው ግምት

ምላጭ የሚሉት ፀጉር አስተካካይ ታላቅ እህቱን ሲከስ ሃምሳ ሁለት ዓመቱ ነበር። ቅጽል ስሙን ያገኘው በሙያው ብቻ አይደለም፤ ምላሱም የነካውን ሳያደማ አይመለስም። እህቱ ጡረታ የወጣች ነርስ ናት፣ አባታቸው በተዉላቸው ቤት ትኖራለች። ከቤቱ ጀርባ ያለው ጓሮ የሁለታቸውም እንዲሆን አባታቸው በወረቀት አስፍረው ነበር። ባለፈው ክረምት ግን እህትየው ጓሮውን አሳጠረችና በር አስገጠመችለት። ምላጭ አንድ ቀን መጥቶ አጥሩን አየ። የእህቱን በር ሳያንኳኳ ተመለሰ።

በነጋታው ፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት ካለች ጠባብ ክፍል ገብቶ ማመልከቻ ጸሐፊው ዘንድ ተቀመጠ። ጸሐፊው የሚለውን ሁሉ ከጻፈለት በኋላ መሬቱ ስንት እንደሚያወጣ ጠየቀው።

«ሁለት ሚሊዮን» አለ ምላጭ ደረቱን ነፍቶ። «ያውም ለመናገር አፍሬ ነው።»

ጸሐፊው የዳኝነት ገንዘብ የሚታሰበው በንብረቱ ግምት ልክ እንደሆነ፣ እሱም ክሱ ሲከፈት እንደሚከፈል ረጋ ብሎ አስረዳው። ሂሳቡን ደምሮ የሂሳብ ማሽኑን ወደሱ አዞረለት። ምላጭ መነጽሩን አድርጎ አየ፣ መነጽሩን አውልቆ ደግሞ አየ።

«መሬቱ ትንሽ ዳገት አለው» አለ።

ጸሐፊው ቀነስ አድርጎ እንደገና አሳየው። ምላጭ ሲዘንብ ውሃ እንደሚተኛበትም ትዝ አለው። ቀጥሎ ፀሐይ እንደማያገኝ፣ ከዚያ ደግሞ ድንጋያማ እንደሆነ ትዝ አለው። ምሳ ሰዓት ሲደርስ ሁለቱ ሚሊዮን ስድሳ ሺህ ሆኖ ነበር። ምላጭም ግምቱ እውነት መሆኑን በቃለ መሐላ አረጋግጦ ፈረመ።

መጥሪያው ሲደርሳት እህትየው መከሰሷ ብዙም አላናደዳትም። ያንገበገባት ስድሳ ሺህ የሚለው ነው። የአባቷ ጓሮ ከአንድ አሮጌ ሞተር ሳይክል እኩል ተቆጠረ። አንድ የሚያውቃት ጠበቃ ደግሞ ግምቱ ከፍ ካለ ክፍያውም ከፍ እንደሚል፣ ከሳሹ መክፈል ካቃተው መዝገቡ ሊዘጋ እንደሚችል ሹክ አላት። ግምቱን ተቃወመች፤ ፍርድ ቤቱም መሬቱ በባለሙያ እንዲታይ አዘዘ።

ገማቿ ሜትር፣ ደብተርና ጭቃ የጠገበ ቦት ጫማ ያላት ዝምተኛ ሴት ነበረች። በስተቀኝዋ ምላጭ፣ በስተግራዋ እህትየው እየተከተሏት ጓሮውን ዞረች። ምላጭ የእንቁራሪቱ ጩኸት ሰው እንደማያስተኛ ነገራት። እህትየው እንቁራሪት ካለ ውሃው ቅርብ ነው፣ ጉድጓድ ለማስቆፈር አይከብድም አለች። ምላጭ የጎረቤቱ አናጢ መጋዝ ጆሮ እንደሚበጥስ ተናገረ። እህትየው ቤት መሥራት ለሚፈልግ ሰው አናጢ በደጅ ማግኘት መታደል ነው አለች። ምላጭ የሎሚው ዛፍ አፍርቶ እንደማያውቅ ሲናገር ግን እህትየው ወደ ዛፉ ጠጋ አለች። ሦስት ሎሚ ቀጠፈችና የገማቿ ቦርሳ ውስጥ ከተተች። ገማቿ ሎሚዎቹን አውጥታ መለሰችላትና ደብተሯን ዘጋች።

«ይቅርታ አድርጉልኝ» አለች፣ «መሬቱን የሚፈልገው የትኛችሁ ነው?»

በቀጠሮው ቀን ዳኛው የገማቿን ሪፖርት አነበቡ። ጓሮው ዘጠኝ መቶ ሺህ ተገምቷል፤ ከሳሽ የጎደለውን የዳኝነት ገንዘብ እንዲሞላ ተባለ። ምላጭ አፉን ሳይከፍት እህቱ ቀድማ ተነሳች።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ወንድሜ ስድሳ ሺህ ነው ብሎ ምሏል። ድርሻው ሠላሳ ሺህ ነው። አሁኑኑ ከፍዬው እንገላገል።»

ዳኛው ወደ ምላጭ ዞረው በማለበት ዋጋ ይሸጥ እንደሆነ ጠየቁት። ምላጭ አንገቱን አሻሸ።

«አልሸጥም» አለ በመጨረሻ። «እሱማ ከዚያ በላይ ያወጣል።»

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛው ከንፈራቸውን ነክሰው ሪፖርቱን ገለጡና እህትየው ለገማቿ «ከሁለት ሚሊዮን በታች አይነካም» ማለቷን አነበቡላት። በዚህ ሂሳብ የወንድሟ ድርሻ አንድ ሚሊዮን ነው፤ ትከፍል እንደሆነ ጠየቋት። እህትየው ቀሚሷን ሰብስባ ቁጭ አለች። ዳኛው የግማሽ ሰዓት እረፍት ሰጥተው ውጪ ተነጋገሩ ብለው አስወጧቸው።

ኮሪደሩ ላይ በአንድ አግዳሚ ወንበር ጫፍና ጫፍ ተቀመጡ። ምላጭ ጫማውን እያየ ተናገረ። የሚሠራበት የፀጉር ማስተካከያ ሱቅ አከራይ ልቀቅ ብሎታል። በአካባቢው አቅሙ የሚችለው ክፍል አላገኘም። የፈለገው ከጓሮው በመንገዱ በኩል አንዲት ክፍል መሥሪያ ብቻ ነበር።

«ታዲያ ይኼን ለኔ መንገር ለዳኛ ከመንገር ከበደህ?»

«አጥር ላጠረብኝ ሰው ምን ብዬ ልንገር፣ እትዬ?»

«ላንተ መሰለህ እንዴ ያጠርኩት? የአናጢው ፍየሎች እኮ ናቸው ጓሮውን የጨረሱት።»

ምላጭ ቀና ብሎ አያት። ፍየሎቹን ያውቃቸዋል፤ አንዷ ሱቁ ድረስ ገብታ ፎጣ በልታበታለች። ሳቁን ሊውጠው ሞከረ፣ አመለጠው። እሷም ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ጀመር። የችሎት አስተናጋጁ ሊጠራቸው ሲመጣ እያለቀሱ መስሎት ድምፁን ዝቅ አድርጎ አጽናናቸው።

ስምምነቱ መዝገብ ላይ ሰፈረ፤ የመንገዱ ዳር የሱ፣ የቀረው የጋራቸው። ክፍሏ አልቃ ሥራ ስትጀምር እህትየው ጠዋት ጠዋት በሩ ላይ ወንበር አውጥታ መቀመጥ ለመደች። የገባውን ደንበኛ ሁሉ እንደ በሽተኛ ከላይ እስከ ታች ታየዋለች። ፀጉሩ ከጆሮው በላይ እንዲያጥር ታዝዛለች። ምላጭም ደንበኛውን በመስታወት ውስጥ በዓይኑ ይቅርታ ይጠይቅና እንዳዘዘችው ይቆርጣል።