አራተኛው ለቅሶ

«ታላቅ ሰው ነው ያጣነው» አሉ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌ ጋሽ ምናሴ፣ ሶፋው ጫፍ ላይ እንደተቀመጡ። «ፈረንሳይ አገር የታወቀ የፊልም ተዋናይ፣ ኋላም ዳይሬክተር!»

የጸዳለ ባል ቲዬሪ ከተቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው። ኦስሎ፣ ሮመን ሰፈር ያለው ጠባብ ሳሎኗ በለቀስተኛ ተሞልቷል፤ እሷ ግን እስካሁን አንዲት እንባ አልወጣትም። ሴቶቹም ይህን አይተው መንሾካሾክ ጀምረዋል።

የታወቀ ተዋናይ! ፓሪስ በኖረባቸው ዓመታት አስተናጋጅ፣ ፖሊስና ሬሳ ሆኖ ነው የተጫወተው። ሬሳነቱ ይሻለው ነበር፤ ቢያንስ አይናገርም። አንድ ጊዜ ብቻ አፍቃሪ ሆኖ ሠራና ፎቶው ጋዜጣ ላይ ወጣ። ያንን ቁራጭ ጋዜጣ ኦስሎ ድረስ ይዞት መጣ። ለቀረጻ በመጣበት በረዶ አንሸራቶት እግሩ ሲሰበር፣ ጸዳለ ነርስ ሆና በምትሠራበት ሆስፒታል ተገናኙ። ያኔ ያስቃት ነበር።

ከተጋቡ በኋላ «መታዘዝ ሰለቸኝ፤ ከእንግዲህ አዛዡ እኔ ነኝ» ብሎ ዳይሬክተር ሆነ። እሷ ሆስፒታል ቫክት ገብታ ተረኛ ስትሆን እሱ ቶየን ሰፈር ካፌ ተቀምጦ ስለ ብርሃን ያወራል። የመጀመሪያው ፊልሙ ስለ ራሱ ነበር። ሁለተኛውም ስለ ራሱ።

«ያ የተሸለመበት ፊልም» ቀጠሉ ጋሽ ምናሴ፣ «የአባትሽ ለቅሶ ያለበት፣ እሑድ በአዳራሹ እናሳየው ብለናል። አንቺ እየጮህሽ በበሩ ስትገቢ እንዴት ልብ ይነካል!»

«ኔይ!» አለች ጸዳለ በኖርዌጂኛ። «አይታይም።»

ሴቶቹ ዞረው አዩዋት።

«ያ ያዩት ለቅሶ አራተኛው ነው፣ ጋሽ ምናሴ። አባቴ ሲሞት ካሜራውን ይዞ አብሮኝ አዳማ ሄደ። እየጮህኩ ስገባ ‹ብርሃኑ ጥሩ አልነበረም፤ ተመልሰሽ ግቢ› አለኝ። ወጥቼ ገባሁ። እናቴ ቁጭ ብላ ታየኛለች። በሦስተኛው ‹ነጠላሽ ፊትሽን ሸፈነው› አለኝ። አሁንም ወጣሁ።» ድምፅዋ አልተንቀጠቀጠም። «እሱስ እሱ ነው። እኔ ምን ነክቶኝ ታዘዝኩት?»

ጋሽ ምናሴ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እንዲህ መሆኑን አላወቅንም» አሉ ቀስ ብለው። «እሑድ እንግዲህ ጸሎት ብቻ ይሆናል።»

ለቀስተኞቹ ሲወጡ ልጇ ዮርዲ ጎረቤት ያመጣውን ጎመን አሙቃ አቀረበች።

«ማማ፣ እንብላ። ከትናንት ጀምሮ ምንም አልቀመስሽም።»

ጸዳለ ሳህኑን ወደ ራሷ ሳበች። ከጎመኑ ውስጥ ቃሪያውን አንድ በአንድ እየለቀመች ወደ ዳር ታወጣ ጀመር።

«ምን እያደረግሽ ነው? እኔም አንቺም ቃሪያ እንበላለን እኮ» አለች ዮርዲ። «የማይበላው ፓፓ ነው።»

«አውቃለሁ» አለች ጸዳለ። መልቀሟን ግን አላቆመችም።