ና ወይስ ነይ

ኤዲተሩ የሥራ ቀናቱን ሁሉ የሰው ሰርግ ቪዲዮ ሲቆርጥና ሲቀጥል ይከርማል፤ ቅዳሜና እሁድ ግን የራሱን አጫጭር ፊልሞች ይሠራል። አንዱ ባዶ ወንበር ሰባት ደቂቃ ሙሉ ያሳያል። እሱንም ያየችው አከራዩ ብቻ ናት፣ ግማሹን አንቀላፍታ። ክፍሉ ውስጥ ሌላ ሰው ድርሽ አይልም፤ ብቸኝነቱን ለምዶታል ማለት ግን ውሸት ነው።

አዲሱ ፊልም ከዘጠኝ ሰከንድ ቀረጻ የተሠራ ነው። አጎቱ በድሮ ካሜራ የቀረጸው፣ ድምፅ የሌለው። አባቱ ሻንጣውን አንጠልጥሎ በሩ ላይ ቆሟል፤ እጁን ዘርግቶ አንድ ቃል ይናገራል። በዚያው ወጣ፤ ወደ ቤት አልተመለሰም። ኤዲተሩ ያኔ አምስት ዓመቱ ነበር። አባቱ «ና» ሲለው፣ ሮጦ ሲሄድና ጉንጩን ሲሳም ልቅም አድርጎ ያስታውሳል። ሆድ በባሰው ቁጥር ይህችን ትዝታ እንደ ስንቅ እየቆረሰ ኖሯል።

ዘጠኙን ሰከንድ እያዘገየ ደጋገመው፤ በራሱ ድምፅም «ና» የሚል አስገባበት። አልገጠመም። «ና» ሲባል አፍ ተከፍቶ ይቀራል፤ የአባቱ ከንፈር ግን መጨረሻው ላይ ወደ ጎን ይሳባል። መስታወት ፊት ቆሞ ሃያ ጊዜ «ና» አለ፤ ሰው ቢያየው ለየለት ይለው ነበር። ከዚያ «ነይ» አለ። ገጠመ።

በስልክ «ደህና ነሽ፣ ደህና ነህ» ከመባባል በቀር የማያወራትን ታላቅ እህቱን ጠራት። መጥታ ካፖርቷን ሳታወልቅ ተቀምጣ ቀረጻውን አየችው።

«ነይ ነው የሚለው» አለች።

«እኔም መሰለኝ። እትዬ፣ አንቺ ምን ትዝ ይልሻል?»

«ምንም። ትኩሳት ይዞኝ ነበር። አንተ አይደለህ እንዴ የነገርከኝ? ‹እኔን ጠርቶ ሳመኝ፣ አንቺን ዞር ብሎም አላየሽ› አልከኝ። አመንኩህ።»

«ልጅ ነበርኩ።»

«አውቃለሁ። እኔ ግን ትልቅ ሰው ሆኜም አመንኩህ። አባባ ሊሞት ሲል እንድመጣ ልኮብኝ ነበር፤ ያኔ ያላየኝ ዛሬ ምን ሊያደርገኝ ነው ብዬ ቀረሁ።»

ይህን ማንም አልነገረውም ነበር። ይቅርታ ሊላት ፈለገ። የአባቱ መሳም ከየት እንደመጣ እንኳ አያውቅም፤ ምናልባት ራሱ የሠራው የመጀመሪያው ፊልም ይሆናል።

«እንደገና አሳየኝ» አለች። «ያንተን ድምፅ አጥፋልኝ።»

አጠፋላት። አባት እጁን ዘረጋ፣ ከንፈሩም ተንቀሳቀሰ።

እህት ከወንበሯ ብድግ አለች።

«መጣሁ፣ አባባ» አለች።