ለውዝ የበዛበት ሽሮ

ዓምደሚካኤል በሃምሳ ዓመቱ "ዘንድሮ ሁዳዴን እጾማለሁ" ያለ ዕለት ነው ሚስቱን ብርቱካንን ነገሩ ያልጣማት። ሰውየው ሃይማኖት የለሽ አይደለም፤ ለጥምቀትም ለፋሲካም ነጠላውን ለብሶ ቤተ ክርስቲያን ይሳለማል። ጾም ግን አይሆንለትም። ስቶክሆልም ገብቶ ዮርድብሩ ካለው የዕቃ መጋዘን ሥራ ከያዘ ጀምሮ "እግዜር የጉልበት ሠራተኛን ያውቀዋል" እያለ ረቡዕና ዓርብን በሥጋ ነው የሚያሳልፈው። አሁን ድንገት እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህል አይቀምስም። ሲቀምስም እንደ ሙሽራ ነው፣ ቆንጠር አድርጎ ይተወዋል። በዚያ ላይ ጠዋት ጠዋት መታጠቢያ ቤት ይቆልፍና ራቁቱን ሚዛን ላይ ይወጣል። ሚዛኑ ሲንቋቋ ብርቱካን ከአልጋዋ ሆና ትሰማለች።

ሆዱ ጎደለ። ጉንጩ ላይ የወጣትነቱ አጥንት ብቅ አለ። ሌላ ሴት ብትሆን ባሌ አማረበት ብላ ደስ ይላት ይሆናል። ብርቱካን ግን ሞኝ አይደለችም፣ ወይም አይደለሁም ብላ ታስባለች። ወንድ ልጅ በሃምሳ ዓመቱ ለገዛ ሚስቱ ብሎ አይከሳም።

"ያልጠረጠረ ተመነጠረ" አለቻት ጎረቤቷ ደሚቱ፣ ሮግስቬድ ካለው ሕንፃቸው ሥር ልብስ ማጠቢያው ክፍል ውስጥ አንሶላ እያጠፈች። "የኔው ምን ነበር ያደረገው? መጀመሪያ ከሳ፣ ቀጥሎ ሽቶ ገዛ፣ ከዚያ ውልቅ አለ።"

"ዓምዴ ሽቶ አልገዛም።"

"ይገዛል። ጊዜ ስጪው እንጂ!"

ደሚቱ የሰው ትዳር ሲናጋ የራሷ ብቸኝነት የሚቀልላት ሴት ናት። ብርቱካንም ይህን ታውቃለች። ግን የጨነቀው ሰው መካሪ አይመርጥም።

ቅናት እንዲህ አድርጎ ገባ። ከገባ ወዲያ ደግሞ እንደ ባለጌ እንግዳ ነው፣ መኝታውን የሚመርጠው ራሱ ነው። ብርቱካን ቤት ለቤት እየዞረች የስዊድን አሮጊቶችን ነው የምትጦረው፤ የአንዷን ጀርባ ስታሻሽ እንኳ የዚያችን ሴት ፊት ታያለች። አንድ ቀን ቀጭን ሐበሻ ናት፣ ሌላ ቀን ጸጉሯ ቢጫ ነው። ሁልጊዜ ግን ትስቃለች። ብርቱካን የምትጠላው ሳቋን ነበር።

መላ ፈለገች። ጭቅጭቅ አላማራትም፤ ተጨቃጭቃ ወንድ ያስቀረች ሴት አይታ አታውቅም። እንግዲያው ለዚያች ብሎ የሚከሳ ከሆነ እኔ አደልበዋለሁ አለች። ቅቤ አይነካም፣ የባሏን ጾም አስገድፋ ከፈጣሪዋ መጣላት አልፈለገችም። ዘይት ግን የጾም ነው። ለውዝም የጾም ነው። ሽሮውን ከለውዝ ዱቄት ጋር ታዋህደው፣ ምስሩን በዘይት ታሰምጠው ጀመር። ዳቦው ውስጥ እንኳ ሰሊጥ እየፈጨች ከተተች። "እግዜርንም አላስቀየምኩ፣ ባሌንም አላስራብኩ" አለች ለራሷ፣ በወጥ ማማሰያው ድስቱን እየመታች።

ዓምዴ ጉርሻውን ሲቀንስ እሷ ወጡን ታወፍራለች። እሱ ባስቱ የሚባለው የስዊድኖች የእንፋሎት ቤት ገብቶ ላቡን ሲያወርድ እሷ ቤት ሆና ለውዝ ትቆላለች። የመክሳቱ ፍጥነት ቀረ፣ ሚዛኑ ተገተረ። "ምን ነካኝ? የዚህ አገር አየሩም ያወፍራል እንዴ?" ሲል ከመታጠቢያ ቤት ትሰማዋለች። ለአንድ አፍታ ያሳዝናታል፣ ወዲያው ግን ያቺ ሴት ትስቅባታለች።

የጾሙ አጋማሽ ላይ፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ዓምዴ ራሱን ሙልጭ አድርጎ ተላጭቶ ከመታጠቢያ ቤት ወጣ።

"ዛሬ መጋዘን ትርፍ ሰዓት አለ" አለ ዓይኗን ሳያይ። ቦርሳውን አንጠልጥሎ በአጠገቧ ሲያልፍ አንገቱ ሸተታት። መጀመሪያ ሽቶ መሰላት። ሽቶ አልነበረም፣ ወገብ ሲያም የሚታሸው የሚያቃጥል ቅባት ነው። ለማን ብሎ ነው ወገቡን የሚያሸው? ይኼ ደግሞ ከሽቶው ባሰ።

ምሳ ዕቃውን ጠረጴዛ ላይ ትቶት ነበር። ብርቱካን አፈፍ አደረገችው። ከያዘኝ "ምሳህን ረስተህ ነው" እለዋለሁ ብላ ካፖርቷን ደርባ ተከተለችው።

ከአረንጓዴው ባቡር ቲ-ሴንትራለን ወረደ። ወደ ዮርድብሩ የሚሄድ ሰው ከዚያ ወደ ደቡብ የሚወርደውን ባቡር ነው የሚይዘው። ዓምዴ ግን ወደ ሰማያዊው መስመር ተጠመዘዘ። እሷም ከኋላው ያለው ፉርጎ ውስጥ ገባች፣ ምሳ ዕቃዋን እንደ ሕፃን ታቅፋ። ሁስቢ ሲወርድ ወረደች። ለካ ሴትዮዋ ሁስቢ ናት!

ዓምዴ ኪራይ ቤቶቹን አልፎ አንድ ዝቅ ያለ የስፖርት አዳራሽ ገባ። ብርቱካን በጠባቡ ኮሪደር ስትከተለው አንድ በር ገርበብ ብሎ አየች። በስንጥቁ በኩል የባሏ ራቁት ጀርባ ታያት። ከዚያ ወዲያ ማሰብ አልቻለችም፤ በሩን በትከሻዋ ገፍታ ገባች።

"የታለች?" አለች፣ ለክፍሉ ሁሉ፣ በአማርኛ።

ዓምዴ በውስጥ ሱሪው ብቻ ትልቅ ሚዛን ላይ ቆሟል። ከፊቱ ሁለት ሽማግሌ ስዊድኖች እስክሪብቶ ይዘው ተቀምጠዋል። አግዳሚው ላይ ሌላ ሐበሻ፣ ጢሙ የሸበተ ጠንካራ ሰው፣ እሱም በውስጥ ሱሪ ተራውን ይጠብቃል። አራቱም ወንዶች ባንድነት ፎጣ ፈለጉ።

"ማን የታለች?" አለ ዓምዴ።

አንደኛው ሽማግሌ መነጽሩን አስተካክሎ፣ ሴት እዚህ መግባት እንደማይፈቀድ በትሕትና አስረዳት። ወደ ዓምዴም ዞሮ ግማሽ ኪሎ ትርፍ እንዳለበት፣ ለማውረድ ሃያ ደቂቃ ብቻ እንደቀረው ነገረው።

ዓምዴ ልብሱንም የሷንም ካፖርት ደርቦ ኮሪደሩን ይሮጥ ጀመር፣ ላብ እንዲያወርድ። እሷም ምሳ ዕቃዋን ይዛ አጠገቡ ሮጠች። በሃያ ዓመት ትዳር ያልነገራትን እያለከለከ ነገራት።

"ያ ሰውዬ ሙሐመድሰዒድ ይባላል፣ እኛ ሰዒድ ነበር የምንለው፣ የወሎ ልጅ ነው። በደርግ ጊዜ አንድ ካምፕ ነበርን። ክብደት አነሳ እንደነበር ታውቂ የለ?"

"ፎቶህን አይቻለሁ።"

"ሁለታችንም አንድ ምድብ ነበርን፣ ስልሳ ኪሎ። ያኔ ሁሉ ነገር በዕቅድ ነው፤ ዳቦው በዕቅድ፣ ሜዳሊያውም በዕቅድ። አሰልጣኙ ከቡልጋሪያ መጣ፣ ከኮሚቴው ጋር ተቀመጡ። ባንድ ምድብ ሁለት ጎበዝ ማሰለፍ ብክነት ነው ተባለ። እሱ እዚያው ይቆይ፣ እኔ ልወፍርና ላይኛው ምድብ ልግባ። ማን ጠየቀኝ? እንቁላል፣ ወተት፣ ሥጋ... ጠግቤያለሁ ማለት አብዮቱን መቃወም ነው። እሱ ሶፊያ ሄደ፣ ተጨበጨበለት። እኔ ከግዙፎች መሃል ትንሹ ሆኜ ቀረሁ።"

"እና አሁን?"

"አንድ ቀን እንኳ ጎን ለጎን አላነሳንም፣ ብርቱካን! ዕድሜዬን ሙሉ 'እበልጠው ነበር' እያልኩ ኖርኩ። መስከረም ላይ እዚህ ሁስቢ አገኘሁት። የአንጋፋዎች ውድድር አለ አለኝ። ስልሳ ዘጠኝ ኪሎ ነው ምድቡ። እዚያ ካልወረድኩ ዛሬም አንገናኝም።"

"ለምን አልነገርከኝም?"

"ወንድ ልጅ እንዴት ቀናሁ ብሎ ይናገራል?"

ብርቱካን ቆመች። ሴት ባለመኖሯ እፎይ ማለት ነበረባት፣ ግን እፎይታው አልመጣም። ይህ ሰው ሳያገባት በፊት ጀምሮ፣ ከሷ ጋር ተኝቶም ተነስቶም፣ ሲያስብ የኖረው ስለዚያ ጢማም ነው። ሴት ብትሆን ጸጉሯን ትነጭላት ነበር። ይኼን ምን ታድርገው? ቀናች፣ እስከ ዛሬ ከቀናችው ሁሉ አብልጣ ቀናች። ሆዷ ደግሞ ሌላ ነገር ያውቃል።

"ዓምዴ፣ ሽሮው ውስጥ ለውዝ አለ።"

"ምን?"

"ለውዝ። ዘይትም ሰሊጥም። ከጾሙ መግቢያ ጀምሮ። ለሌላ ሴት የምትከሳ መስሎኝ ነው።"

መሮጡን አቆመ። ደረጃው ላይ ቁጭ አለ፣ ሁለት ካፖርት ደርቦ፣ ላቡ በተላጨው ራሱ ላይ እየወረደ።

"አንቺም ኮሚቴ ሆንሽብኝ" አለ።

ቢጮህባት በወደደች። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጥላዋለች፤ ይህን ለማወቅ ደሚቱ አላስፈለገቻትም።

ሽማግሌው በሩን ከፍቶ ዓምዴን ለመጨረሻ ጊዜ ሊመዝነው ጠራው። ዓምዴ አንገቱን ደፍቶ ገባ። ሙሐመድሰዒድ ገና አልተመዘነም ነበር፤ ፎጣ ለብሶ ኮሪደሩ ላይ ቆሞ ሁሉንም ሰምቷል። ወደሷ ቀረበ።

"እህቴ፣ ምሳ ዕቃው ውስጥ ያለው ያው ሽሮው ነው?"

"ነው።"

"ሥጋ የለበትም?"

"የጾም ነው። ቅቤ እንኳ አልነካውም።"

"እንግዲያው ለኔም ይሆናል። አምጪው። እሱ መውረድ ካቃተው እኔ እወጣለሁ።"

ብርቱካን አፍጥጣ አየችው። "ምን ገዶዎት?"

"እሱ ብቻ የቀና ይመስልሻል?" አለ፣ አጠገቧ ደረጃው ላይ እየተቀመጠ። "ባሸነፍኩ ቁጥር ሰዉ ምን እንደሚል ታውቂያለሽ? 'ዓምደሚካኤልን ገለል ስላደረጉለት ነው።' ሶፊያም ድረስ ተከትሎኛል። እኔም ይህን ነገር ሳላውቀው መሞት አልፈልግም። በይ፣ ሰዓት የለንም።"

ሰዓት በእርግጥ አልነበረም። ብርቱካን እንጀራውን ትጠቀልል፣ በሽሮው ትነክር፣ ታጎርሰው ጀመር። እሱ በመሃል በመሃል ውሃ ይጨልጣል። አሁን ገና የቀናችበትን ሰው፣ በገዛ እጇ፣ በፍቅር ሳይሆን በጥድፊያ። "ለውዙ ግሩም ነው" አለ ጉንጩ እንደተወጠረ። ምሳ ዕቃውን ጥርግ አድርጎ እያገሳ ገባ።

ዓምዴ አልወረደም፤ ሙሐመድሰዒድም ስልሳ ዘጠኝን አለፈ። ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ክብደት ለመቀነስ የሚያለቅስ ሰው አይተዋል፤ በልቶ ከምድቡ የወጣ ግን አላዩም። ሁለቱንም ላይኛው ምድብ ጻፏቸው።

አዳራሹ ውስጥ ተመልካቹ እፍኝ አይሞላም፣ የተወዳዳሪ ዘመዶች ናቸው። ዓምዴ ያነሳውን ሰዒድ ያነሳዋል፣ ሰዒድ ያነሳውን ዓምዴ ያነሳዋል፣ ብረት በየተራ ይጨመራል። ብርቱካን ስፖርቱ አይገባትም። የገባት የባሏ ፊት ነው፤ እንዲህ የበራ ፊት በሠርጋቸውም ቀን አላየችም። ያ ፊት ለሷ ባለመሆኑ ጥርሷን ነከሰች። ቢሆንም ዓምዴ ሲያነሳ አብራው ትንፋሿን ትይዛለች።

በመጨረሻው ሙከራ ሰዒድ ብረቱን ከራሱ በላይ አድርጎ ጸጥ ብሎ ቆመ። ዓምዴ ተከተለ። ደረቱ ላይ አደረሰው፣ እግሮቹ ተንቀጠቀጡ፣ ገፋ፤ ክንዱ አልዘረጋም። ብረቱ ከኋላው ዱብ አለ። ዓምዴ መድረኩ ላይ ቆሞ ቀረና ሳቅ አፈነው። ሰዒድ መጥቶ አቀፈው፣ ትከሻ ለትከሻ ተሳሳሙ።

"ለካ ይበልጠኝ ነበር" አላት ሲወጡ፣ ከባድ ዕቃ እንዳወረደ ሰው። "ይኸው ነው። ይበልጠኝ ነበር።"

ሰማያዊው ባቡር ውስጥ ጎን ለጎን ተቀመጡ።

"ከቤት ጀምረሽ ነው የተከተልሽኝ?"

"ከቤት ጀምሬ።"

"ያን ያህል ቀንተሽ?"

"ያን ያህል።"

"ያማል፣ አይደል?" አለ ቀስ ብሎ።

"ያማል።"

ባልና ሚስት ከአንድ ባሕር ይቀዳል ይባላል። ሃያ ዓመት አብረው ኖረው፣ ከምን ባሕር እንደተቀዱ ገና አሁን ማወቃቸው ነው። ዓምዴ እጇን ያዘ፣ ሰዓቱንም አየ። ዘጠኝ አልፏል።

"ራበኝ። ያን የተረገመ ሽሮ አምጪው፣ ከእንግዲህ ማን ይመዝነኛል።"

ምሳ ዕቃውን ከጭኗ ወስዶ ከፈተው። ባዶ ነው፣ በጣት የተጠረገ ነው።

"ሁሉንም ሰጠሽው?"

"ሰዓት እኮ አልነበረም፤ ቶሎ ቶሎ ማጉረስ ነበረብኝ።"

"ማጉረስ? ራሱ አይበላም እንዴ? እጅ የለውም?" ድምፁ ተለወጠ። "በእጅሽ አጎረስሽው?"

"አጎረስኩት።"

ዓምዴ ክዳኑን ገጠመው፣ እንደገና ከፈተው፣ ወደ ውስጥ አየ። "ስንቴ?" አለ።

ያን ድምፅ ታውቀዋለች፤ ሳምንታት ሙሉ በገዛ ጉሮሮዋ ስትውጠው ነው የከረመችው። ፈገግታዋን እንዳያይባት ወደ መስኮቱ ዞረች።

"አልቆጠርኩም" አለችው።