ውሃው የማን ነው?

ከልብስ ሰፊዋ አፍ ሦስት ዓመት ሙሉ አንድ ነገር አልወጣም፤ ከመታጠቢያ ቤቷ ወደ ታች የሚንጠባጠበው ውሃ የእሷ መሆኑ። ከሥሯ ባለው ቤት የሚኖሩት ጡረተኛ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነበሩ፤ ጋሼ ትላቸዋለች። ጣሪያቸው በራሰ ቁጥር ለሕንፃው ኮሚቴ ክስ ይጽፉባታል። እሷም ክሱ በደረሳት ቁጥር ከወረቀቱ የኮሌታ ንድፍ ትቆርጣለች። ውሃ ላይ ስሜ ተጽፏል ወይ ነበር መልሷ።

እንዲህ ሲነታረኩ፣ አንድ ማክሰኞ የፍርድ ቤት ሰው መጥቶ በሯ ላይ ወረቀት ለጠፈ። ቤቱን የሸጠላት ኩባንያ ለካ ሕንፃውን ለባንክ አስይዞ ተበድሮበታል፤ ብድሩን ስላልከፈለ ቤቷ ለሐራጅ ሊወጣ ነው። ውሏንና ደረሰኟን በፌስታል ጠቅልላ ወደ ፍርድ ቤት ሮጠች። ዳኛዋ አገላብጠው አዩና፣ መግዛትሽስ ገዝተሻል፣ ነገር ግን ባንኩ መያዣ ከማድረጉ በፊት ገብተሽ እንደምትኖሪበት የሚያሳይ ማስረጃ በሳምንት ውስጥ አምጪ አሏት። መብራቱም ውሃውም የሚቆጥረው በኩባንያው ስም ነው። የባንኩ ጠበቃ ደግሞ ቤቱ ባዶ ነበር ብሎ ድርቅ አለ።

ሦስት ቀን ሳጥን ስትገለብጥ ሰነበተች። በአራተኛው ቀን አንድ የኮሌታ ንድፍ እግሯ ሥር ወደቀ። ጀርባው ላይ "ከላይ የምትኖረው ሴት" ይላል፤ ቀኑን ግን መቀስ በልቶታል።

ባሏ ሳቁን መዋጥ አቃተው።

"በይ ውረጂ።"

"በየትኛው ዓይኔ ላያቸው?"

"ዓይንሽ ይሻልሻል ቤትሽ?"

ወረደች። ጋሼ በሩን ከፍተው መጀመሪያ እሷን፣ ቀጥሎ ጣሪያቸውን አዩ። የክሶቹ ቅጂ ይኖር እንደሆነ ጠየቀች።

"እሜቴ፣ እኔ እኮ ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት ነው የሠራሁት" አሉና ማህደር አወጡ። አሥራ ሁለት ክስ፣ ሁሉም ቀንና የኮሚቴው ማኅተም ያለው፤ የመጀመሪያው ከባንኩ መያዣ በዓመት የሚቀድም። እጇን ስትዘረጋ ግን ማህደሩን ደረታቸው ላይ ለጠፉት። ችሎት ፊት ቆማ እውነቱን ካልተናገረች አንድ ገጽ እንደማይሰጧት ነገሯት። ምናልባት የቧንቧው ይሆናል አለች። ቧንቧው የማን እንደሆነ ጠየቋት። እያጉረመረመች እሺ አለች።

በቀጠሮው ቀን ጠበቃው ክሶቹን አነበበና፣ እዚህ እንደተጻፈው ሴትዮዋ ራሷ ውሃው የኔ አይደለም ስትል ኖራ ክሶቹ ዛሬ እንዴት ማስረጃ ይሆኗታል ብሎ ተከራከረ። ዳኛዋ ወደ እሷ ዞሩ። ልብስ ሰፊዋ ጉሮሮዋን ጠረገች።

"ውሃው የኔ ነው" አለች ወለሉን እያየች።

ዳኛዋ ጮክ ብለሽ ተናገሪ አሏት።

"እኔም አልሰማሁም" አሉ ጋሼ ከኋላ ወንበር።

"የኔ ነው! ከገባሁበት ቀን ጀምሮ የኔ ነው!"

ቤቱ ከሐራጅ ተለቀቀ። በማግስቱ ጠዋት ጋሼ አሥራ ሦስተኛውን ክስ ይዘው በሯን አንኳኩ። መቀሷን አስቀምጣ ወረቀቱን ከላይ እስከ ታች አየችው።

"ቧንቧ ሠሪው ነገ ይመጣል፣ ጋሼ" አለች። "ግን ማኅተሙ ደብዝዟል። ይመለሱና ደህና አድርገው ያስመቱልኝ።"