የጋሽ ጆሮ ግማሽ ጆሮ

ስሙን ያወጡለት የታክሲ ሾፌሮች ናቸው፤ እሱም አልጠላውም። ጋሽ ጆሮ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የመኪና ቴፕና ስፒከር ሲገጥም መለኪያ ይዞ ሲንደፋደፍ ያየው የለም። ሽቦውን ያገናኛል፣ ሬዲዮውን ይከፍታል፣ ዓይኑን ይጨፍናል። ከዚያ «የኋላው ቀኝ ታሟል» ወይም «ግራ በር ላይ አንድ ብሎን ላልቷል» ይላል። ሲፈታ ያለው ሆኖ ይገኛል። ሌሎቹ ባለሙያዎች ስፒከር ሲገጥሙ ሽቦውን በባትሪ ድንጋይ ነካ አድርገው የትኛው ፖዘቲቭ፣ የትኛው ነጌቲቭ እንደሆነ ያጣራሉ። ጋሽ ጆሮ ይህን ሲያይ ይስቅ ነበር። «ድንጋይ የሚያስፈልገው ጆሮ ለሌለው ነው» ይላል። ሙያ በልብ ነው የሚባለውን ነገር ጭራሽ ሰምቶት የሚያውቅ አይመስልም።

ታዲያ ከሁለት ዓመት በፊት አንድ ጠዋት ከእንቅልፉ ሲነሣ ቀኝ ጆሮው ውስጥ ጭው የሚል ነገር ገብቶ አገኘው። ጩኸቱ በሳምንቱ ቆመ፤ ከእሱ ጋር ሌላውም ድምፅ ሁሉ ቆመ። ሐኪሙ ነርቩ ሞቷል፣ አይመለስም አለው። ጋሽ ጆሮ የሐኪሙን ወረቀት አጣጥፎ ኪሱ ከተተና ለሰው ቀርቶ ለሚስቱም ትንፍሽ አላለም። ጋሽ ጆሮ ደነቆረ ከተባለ በኋላ መኪናውን የሚያመጣለት ማን ነው?

ከዚያ ወዲህ ስልክ በግራ ሆነ። ደንበኛ ሲመጣ በርጩማውን በግራው በኩል ይገፋለታል። መንገድ ላይ ከሚስቱ ጋር ሲሄዱ፣ እንዴት እንደሆነ ሳያውቀው፣ ሁልጊዜ በግራው ትገኝለታለች። ዕድለኛ ነኝ ይል ነበር በልቡ።

ሚስቱ ልብስ ሰፊ ናት። የሁለቱም ሱቅ አንዲት ክፍል ናት። እሱ ጀርባውን ለመንገዱ ሰጥቶ ከኋላው ግድግዳ በተጠጋ ጠረጴዛ ላይ ይሠራል፤ የክፍሏ ብቸኛ መስኮት በቀኙ በኩል ነው። ሚስቱ የስፌት መኪናዋን ድሮ መስኮቱ ሥር ነበር የምታስቀምጠው። አንድ ቀን ግን ብቻዋን እየጎተተች ወስዳ በግራ በኩል ካለው ጨለማ ጥግ ወሸቀችው። «ምን ነካሽ?» ቢላት፣ «ፀሐዩ ጨርቄን እያነጣብኝ ነው» አለች። ከዚያ ወዲህ በጠራራ ፀሐይ አምፖል አብርታ፣ ክር ለማስገባት ሦስት አራት ጊዜ እየሳተች ትሰፋለች። ጋሽ ጆሮ ለደንበኛው ሁሉ ያወራባታል። «መስኮት ጥላ አምፖል የምታገባ ሴት አይታችሁ ታውቃላችሁ?» ይላል። እሷም አብራ ትስቃለች።

ሌላም አመል አላት። እሱ አንድ መኪና ጨርሶ እጁን ሲጠርግ፣ ቁርጥራጩን ጨርቅ ከጉልበቷ አራግፋ ትመጣና ገቢና ትቀመጣለች። ብዙ ጊዜ ሰምታ ዝም ብላ ትወርዳለች። አንዳንዴ ግን ነገር ይነሣባታል።

«ይሄ ሰውዬ በአፍንጫው ነው እንዴ የሚዘፍነው?» ትላለች። ወይም «ዘፋኙን የት ደበቅከው?»

«አንቺ ሴትዮ፣ ሸሚዝሽን ስፊ!» ይላታል።

ንቅንቅ አትልም። በመጨረሻ አፏን ለማስያዝ የአንዱን ስፒከር ሽቦ ያገላብጥላታል። «እንግዲህ ደስ ይበልሽ!» ሲላት፣ «አሁን እሺ» ብላ ትወርዳለች። እሱም አመሏ ነው ብሎ ይተወዋል።

መምህሩ የመጡት ሚስቱ የወለደች እህቷን ልታርስ በሄደችበት ሳምንት ነው። ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር ናቸው፤ መኪናቸውም በዕድሜ እሳቸውን የምትከተል አሮጌ ነጭ መኪና ናት።

«ወንድሜ፣ መስታወት የሚያንቀጠቅጥ ነገር አይደለም የምፈልገው» አሉ በርጩማው ላይ ተቀምጠው። «ባለቤቴ ዓይኗ ደክሞ ማንበብ ትታለች። ቅዳሜ ከሰዓት በሬዲዮ መጽሐፍ የሚያነብ ሰው አለ። ቤታችን የልጅ ልጆች ሞልተውበት የሚሰማ ነገር የለም። ስለዚህ ግቢ ውስጥ መኪናችን ውስጥ እንገባና በሩን ዘግተን እናዳምጣለን። የኔ ስፒከር ደግሞ ይንተፋተፋል። እሷ አንድ ቃል ካመለጣት ታሪኩን እርም ትላለች።»

ጋሽ ጆሮ ልቡ ተነካ። ሦስት ዓይነት ስፒከር አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ ደረደረ።

«ይሄ ለቤዝ ነው፤ ለጎረምሳ ይሁን። ይሄ ደግሞ ወፍራሙን ድምፅ በትልቁ፣ ቀጭኑን በዚህች በትንሿ እያካፈለ ነው የሚያወጣው፤ ለዘፈን ጥሩ ነው። ይሄ ሦስተኛው ፉል ሬንጅ ይባላል። አንዲት ወረቀት ናት፤ ወፍራሙንም ቀጭኑንም ራሷ ታወጣዋለች። ለጭፈራ አትሆንም። ግን መምህር፣ ሰው የሚናገረው በስንት ጉሮሮ ነው?»

«በአንድ» አሉ መምህሩ።

«በቃ። የሰው ድምፅ ከአንድ ቦታ ሲወጣ ነው የሚያምርበት።»

መምህሩ የስፒከሩን ወረቀት በጣታቸው ጫፍ ነካ አድርገው «ይሄ ይሁን» አሉ።

ሥራውን ወዶ ነው የሠራው። የሁለቱን የፊት በሮች የውስጥ ሽፋን ፈታ። የድሮው ቀዳዳ ለአዲሶቹ ስለሰፋ ከኮምፔንሳቶ ጣውላ ሁለት ቀለበት ቆርጦ አሰረባቸው። በሩ እንዳይንኳኳ ዙሪያውን ስፖንጅ አለበሰው። ግራ በር ላይ፣ ሽቦው ከመኪናው ወደ በሩ በሚያልፍበት ቦታ፣ ሌላ ሰው የጠመጠመው አሮጌ የሽቦ ማሸጊያ ናስትሮ አየ። ሳብ ሳብ አድርጎ ጠንካራ መሆኑን አየና አለፈው። ሁሉንም መልሶ ዘጋና ሬዲዮውን ከፍቶ ዓይኑን ጨፈነ። ድምፁ ጥርት ያለ ነው። ወፍራሙ ድምፅ ግን ሳሳ ያለ መሰለው። «ፉል ሬንጅ ነው፣ ቤዝ አይጠበቅበትም» አለ ለራሱ። ገቢና ተቀምጦ የሚነዘንዘውም አልነበረም። ዓርብ ዕለት ቁልፉን ኮራ ብሎ አስረከበ።

ሰኞ ጠዋት መምህሩ ተመልሰው መጡ። ትሑት ሰው ስለሆኑ ነገሩን ለመጀመር ተቸግረው ባርኔጣቸውን ያሽከረክሩ ነበር።

«ቃሉ ጥርት ብሎ ይሰማል» አሉ። «ግን ወንድሜ፣ ሰውየው የለም።»

«የትኛው ሰውዬ?»

«አንባቢው። ድሮ እየተንተፋተፈም ቢሆን እፊታችን ተቀምጦ የሚያነብልን ይመስል ነበር። አሁን የት እንዳለ አናውቅም። ባለቤቴ ‹ሰውየው ከመኪናው ወርዷል፣ ከኋላ እየተከተለ ነው የሚያነበው› አለችኝ። መሃል ላይ አቋርጠን ቤት ገባን።»

ጋሽ ጆሮ መሪው ጋ ተቀምጦ ሬዲዮውን ከፈተ። ዜና አንባቢዋ ታወራለች። ለእሱ ደህና ነው። «እኔ ደህና ነው የምሰማው» ሊል አፉን ከፈተና መልሶ ዘጋው። ሰው ድምፅ ከየት እንደሚመጣ የሚያውቀው በሁለት ጆሮ ነው። ይህን ሠላሳ ዓመት እንጀራ የበላበት ሰው አይስተውም።

«እስከ አሥር ሰዓት ይተዉልኝ» አለ ቀና ብሎ ሳያያቸው።

መምህሩ በእግራቸው ሄዱ፤ እሱም ብቻውን ቀረ። የአንዱ ስፒከር ሽቦ ተገልብጦ፣ ሁለቱ እየተቃረኑ ድምፁን ቦታ አሳጥተውት ሊሆን እንደሚችል ገብቶታል። ቢያገላብጠውስ? የቱ ትክክል እንደሆነ በምን ጆሮ ያውቃል? ሲስቅበት የኖረው የባትሪ ድንጋይ ትዝም አላለው። ከዚህ መኪና ይልቅ ግን ያለፉት ሁለት ዓመታት መጡበት። የአንድ ዳቦ ቤት መኪና፣ የአንድ አምቡላንስ ሾፌር የራሱ ታክሲ፣ አንዲት ነርስ ለመጀመሪያ ጊዜ የገዛቻት መኪና። ስንቱን አበላሽቼ «እጅህ ይባረክ» ተብያለሁ? ፈራ። ከመዋረዱ ይልቅ፣ እምነት የጣሉበትን ሰዎች ማታለሉ አንገበገበው። ግንባሩን መሪው ላይ ደፍቶ ቀረ።

ሚስቱ ከእህቷ ቤት የተመለሰችው በዚህ መሃል ነው። የጉዞ ቦርሳዋን ሱቁ በር ላይ ጥላ በቀጥታ መጥታ ገቢና ተቀመጠች። ትንሽ አዳመጠች።

«ሰውየውን የት ጣልከው?» አለች እንደ ልማዷ።

ዛሬ አልተቆጣም። ደህናው ጆሮው እንዲሰማት ፊቱን ወደ እሷ አዙሮ «አልሰማውም» አለ። «ቀኝ ጆሮዬ ሞቷል። ሁለት ዓመቱ ነው።»

«አውቃለሁ» አለች።

ጋሽ ጆሮ ክው አለ። «ማን ነገረሽ?»

«ማን ይነግረኛል? ስልኩን ወደ ግራ ስታዞር አየሁ። ደህናውን ጆሮህን ትራስ ውስጥ ቀብረህ ስትተኛ፣ ስጠራህ ዝም ትለኛለህ። ሰው በቀኝህ መጥቶ ሰላም ሲልህ አልፈኸው ትሄዳለህ፤ ሰፈሩ ‹ጋሽ ጆሮ ኮራብን› ሲልህ ስንቱን መለስኩልህ!»

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። የሱማ ከባዳም ባዳ ሆኖበታል።

«እነዚያ ሁሉ መኪኖችስ?» አለ።

«አንድ በአንድ ተቀምጬ ሰምቻቸዋለሁ። አብዛኞቹ ደህና ነበሩ፤ እጅህ መች ሳተ! የተገለበጡት ስድስት ናቸው። ስድስቱንም ራስህ አስተካክለህ ነው የሰጠኸው።»

«አፍሽን ለማስያዝ ነበራ!»

«ለምንም ይሁን፣ አስተካክለሃል።»

«አንቺ ይህን ነገር ከየት አወቅሽው?»

«ረሳኸው? በተጋባን ሰሞን ሽቦውን እያገላበጥክ ‹አሁን የት አለ? አሁንስ?› እያልክ ስታለፋኝ አልነበር? አንተው ነህ ያስተማርከኝ።»

«ለምን ዝም አልሽኝ ታዲያ?»

«አንተ እስክትነግረኝ ነዋ» አለች። «ያመመህን ነገር ካፍህ ልንጠቅህ?»

ጋሽ ጆሮ የሚያይበት ቢያጣ ወደ ሱቁ ተመለከተ። በክፍቱ በር በኩል መስኮቱ ሥር ያለው ባዶ ቦታ በፀሐይ ተሞልቶ ይታያል። ከማዶው ጨለማ ጥግ ውስጥ የስፌት መኪናዋ አለች፤ በግራው፣ በደህናው ጆሮው በኩል። ሲያወራባት የኖረው ቀልድ አንድ በአንድ ትዝ አለው። ስንት ሸሚዝ በዚያ አምፖል ሰፋች? ስንቴ ዓይኗን እያሻሸች ሲያያት ሳቀባት?

«ፀሐዩ ጨርቅ ያነጣል ያልሽኝ…» አለ።

«ያነጣል እኮ» አለች እየሳቀች።

«ውለታሽን በምን እመልሰዋለሁ?» አለ ጋሽ ጆሮ። እንባው መጣ፤ አላበሰውም። «ሁለት ዓመት በአንቺ ጆሮ እየሠራሁ በኔ ስም ኖርኩ። እግዜር ይስጥልኝ። ሌላ የምለው የለኝም።»

«መጀመሪያ የሰውየውን መኪና አስተካክል» አለች፤ የሷም ዓይን ግን ረጥቧል።

ሱቅ ገብቶ ከግድግዳው ሰዓት ላይ ድንጋዩን አወጣ። «ድንጋይ የሚያስፈልገው ለማን ነበር ያልከው?» ብላ ከኋላው ወጋችው። እውነትም ይገባዋል። ከቴፑ ጀርባ ድንጋዩን ሽቦዎቹ ላይ ሲያስነካ የቀኙ በር ስፒከር ወረቀት ወደ ውጭ ብቅ አለ፤ የግራው ግን ተገልብጦ ወደ ውስጥ ገባ። ያለፈውን አሮጌ ናስትሮ ቀደደው። የቀድሞው ሰው አሮጌው ስፒከር ላይ ተገልብጦ የታሰረውን ለማካካስ ቀዩን ከጥቁሩ አገናኝቶ ጠቅልሎታል። ፈትቶ ቀዩን ከቀይ፣ ጥቁሩን ከጥቁር አሰረ። እሷ ገቢና ሆና ዓይኗን ጨፈነች።

«መጣ» አለች። «እዚህ መሃላችን ተቀምጧል።»

አሥር ሰዓት ላይ መምህሩ ሲመጡ ጋሽ ጆሮ ቁልፉን ከመስጠቱ በፊት ቆሞ ተናገረ። «መምህር፣ ጥፋቱ የኔ ነው። ቀኝ ጆሮዬ አይሰማም፤ ደብቄ ነው የኖርኩት። ያስተካከልነው በሚስቴ ጆሮ ነው። ከእንግዲህም እኔ እገጥማለሁ፣ እሷ ትሰማለች። ካልተስማማዎት አይቀየሙኝ፤ እኔም አልቀየምዎትም።»

መምህሩ ባርኔጣቸውን ማሽከርከር አቆሙ። «ሠላሳ ስምንት ዓመት አስተምሬያለሁ» አሉ። «ከጓደኛው የሚሰርቅ ተማሪ ቀጥቻለሁ። ከጓደኛው ጋር የሚሠራውን ግን ቀጥቼ አላውቅም።» ከዚያ መኪናቸው ውስጥ ገብተው ሬዲዮውን ከፈቱ። ፊታቸው በራ። «ይኸው ተመለሰልን! ቅዳሜ ባለቤቴን ደስ ይላታል። እጃችሁ ይባረክ፣ የሁለታችሁም።»

በማግስቱ ጋሽ ጆሮ ሚስቱን ቀድሞ ሱቅ ገባ። የስፌት መኪናዋን እያቃሰተ ጎትቶ መስኮቱ ሥር መለሳት። ከዚያ የራሱን ጠረጴዛ ከነካቻቪቴው ከነፒንሳው ከግድግዳው አላቆ አዞረው፤ ፊቱን ወደ መንገዱ፣ ጀርባውን ወደ ግድግዳው። አሁን መስኮቱ በግራው ሆነ። ሠላሳ ዓመት የተቀመጠበትን አቀማመጥ መለወጥ ወገብ ይፈትናል፤ ሚስቱ ስትደርስ ወገቡን ይዞ ቆሟል።

በሩ ላይ ቆማ መስኮቱን አየች፣ ጠረጴዛውን አየች።

«ጨርቄ ቢነጣስ?» አለች።

«ይንጣ!»

ሄዳ ተቀመጠች። አምፖሉን አላበራችም። ክሩን በከንፈሯ አርጥባ ወደ መርፌው ወሰደችው፤ በመጀመሪያው ገባላት። ቀና ሳትል፣ ለራሷ ያህል በቀስታ፣ «ተመስገን» አለች።

ጋሽ ጆሮ ሰማት።