ዜሊን ያስጣሏት ዓሣ ሻጭ

ዜሊ በፈረንሳይዋ የኒስ ከተማ ድምፅ በሌላቸው አጫጭር አስቂኝ ፊልሞች ላይ እየሮጠችና እየወደቀች ነበር እንጀራዋን የምትበላው። ከሊዮን ከመጣች ሁለተኛ ክረምቷ ነው።

የዚያን ጠዋት ከጌታዋ ቤት ያመለጠች የቤት ሠራተኛ ሆና በገበያው መሀል እንድትሮጥ ተነገራት። የፖሊስ ልብስ የለበሱ፣ ዱላ የያዙ ሦስት የሰርከስ ሰዎች ያሳድዷታል። አዘጋጁ ሙሴ ጋስቶን ገበያተኛው እንዳያፈጥበት ብሎ ካሜራውን በአትክልት ጋሪ ላይ በሸራ ሸፍኖታል። ስለዚህ ነገሩ ሲኒማ መሆኑን ያወቀ አልነበረም።

ዜሊ ሮጠች። ዓሣ ተራ ስትደርስ ግን እርጥቡ ድንጋይ አዳለጣትና የምሯን ወደቀች።

«ምን አድርገሽ ነው ልጄ?» አሏት ማዳም ኦኖሪን፣ እድሜያቸውን በሙሉ እዚያው ዓሣ የሸጡ ወፍራም ሴት። ሴትዮዋ መልስ አልጠበቁም፤ ጎትተው ጠረጴዛቸው ሥር ከተቷትና ፊት ለፊት ቆሙ።

«ሦስት ጎረምሳ ለአንዲት ሴት? ኑ፣ መጀመሪያ በእኔ ላይ ተራመዱ!»

የፊተኛው ጠጋ ሲል በትልቅ ዓሣ ጥፊ አቀመሱት።

«ኧረ እማማ፣ ተዋናይ ነኝ! ይኸው ጢሜም የውሸት ነው።»

«ጢምህን ተወው፤ ዱላህ የእውነት ነው» ብለው ደገሙት። የጎረቤት ሻጮችም ቅርጫታቸውን ይዘው ደረሱ። ሙሴ ጋስቶን ከሸራው ሥር ሆኖ በሳቅ እየተንፈራፈረ መቅረፁን ቀጠለ።

ነገሩ ሲገለጥ ማዳም ኦኖሪን ፊታቸው ቀላ። «እና ስታላግጡብኝ ነበር?» ብለው ወደ ጠረጴዛው ሥር ጎንበስ ቢሉ፣ ዜሊ ታለቅሳለች።

«ምነው፣ መቱሽ እንዴ?»

«የለም፣ እማማ። ሊዮን ሳለሁ ባሌ ፀጉሬን ይዞ እየጎተተ ከቤት ሲያስወጣኝ መንገዱ ሙሉ ሰው ነበር። አንድም ሰው ከፊቴ አልቆመም።»

ማዳም ኦኖሪን እጃቸውን በሽርጣቸው ጠርገው ጉንጯን ዳሰሱ።

«እኔ ያኔ ሊዮን አልነበርኩማ» አሏት።

ፊልሙ ሲታይ የፊት ወንበሮችን የሞሉት ዓሣ ሻጮቹ ነበሩ። ዓሣው በፖሊሱ ጉንጭ ላይ ሲያርፍ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ማዳም ኦኖሪን ብቻ «አወፍረውኛል» እያሉ አጉረመረሙ። ዜሊ አጠገባቸው ተቀምጣ ያን ሻካራ እጅ እስከ መጨረሻው አልለቀቀችውም። ሲወጡም የእሁድ ምሳ ለመብላት አብራቸው ወደ ቤታቸው ሄደች።