ዴቃ ያነበበችው ደብዳቤ

ጅግጅጋ ውስጥ ድምፅ አልባ የፈረንሳይ ፊልም ይታያል ሲባል፣ ጅቡቲ ካደገችው ከዴቃ ሌላ ማን ይጠራል? ሥራዋ በትዕይንቱ መሀል ብቅ የሚለውን ጽሑፍ በሶማሊኛና በአማርኛ ማንበብ ብቻ ነበር።

ቀኑ ግን ቀላል አልነበረም። ታላቅ እህቷ ዐኒሳ ከሞተች ስድስት ወር ሆኗታል። ልጆች የእንጀራ እናት እጅ እንዳይወድቁ የሟች እህትን ባል ማግባት የቆየ ወግ ነው፤ ሽማግሌዎቹም ነገ መልስ ይጠብቃሉ። ዴቃ ልጆቹን ትወዳቸዋለች። አባታቸውን ግን እንደ ወንድም እንጂ እንደ ባል አስባው አታውቅም። የምትወደው ማሃድን ነው። እሱ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጧል። "ቁርጥ ያጠግባል፤ ፊልሙ እንዳለቀ ታገቢኝ እንደሆነ ንገሪኝ" ብሏታል። ፈረንሳይኛ አንዲት ቃል አያውቅም።

በፊልሙ የባሕር መብራት ማማ ጠባቂ ልጅ መርከበኛ ትወዳለች። አባቷ ሲታመም መብራቱን የመጠበቁ ሥራ እሷ ላይ ወደቀ፤ ትታው ከሄደች መርከቦች ከዐለት ይላተማሉ። ዴቃ ሳትደናቀፍ አነበበች። የልጅቷ ልቅሶ እንዲያውም የበዛ መስሏት ነበር።

በመጨረሻ ልጅቷ ለመርከበኛው የጻፈችው ደብዳቤ መጣ። "አትጠብቀኝ፤ መብራቱን ትቼ አልመጣም" ይላል።

ዴቃ ጉሮሮዋን ጠረገች። "ጠብቀኝ፤ እመጣለሁ" ብላ በሁለቱም ቋንቋ አነበበች።

አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። የማሃድ ፊት በራ። እሷም ደስ አላት፤ ውሸት እንዲህ እንደሚቀል አታውቅም ነበር።

ፊልም ግን ይሉኝታ የለውም። መርከቡ መርከበኛውን ይዞ ሄደ፤ ልጅቷ ማማው ላይ ቆማ መብራቷን ትወለውላለች። ፊት የተቀመጡት ጨርቅ ነጋዴዋ ሀሊሞ፣ "እመጣለሁ ብላ አልነበር እንዴ? ምነው ቀረች?" አሉ። ሰው ሁሉ ሳቀ። ዴቃ ማይክሮፎኑን አጠፋች።

ማሃድ አልሳቀም። ሰው ሲወጣ ወደ እሷ መጣ።

"ደብዳቤው ምን ነበር የሚለው?"

አሁንም ልትዋሸው ፈለገች። ዛሬ ጠዋት ግን የዐኒሳ ትንሿ ልጅ፣ እንዳትሄድባት ጫማዋን ደብቃባት ነበር።

"አትጠብቀኝ ነው የሚለው።"

"ለመርከበኛው?"

"ላንተም" አለችው።